ታዲያ ማን ነው እንዲህ የሚለው?

የእህቴ ልጅ አንድ ቀን ከትምህርት ቤት ስትመለስ ቦርሳዋን እንኳ ሳታወርድ «አክስቴ፣ የእኔ ስም ጥያቄ ነው እንዴ?» ብላ ጠየቀችኝ። ስሟ ምንትዋብ ነው። የዕለቱ መምህር ስም ሲጠሩ ስሟ ላይ ደርሰው «ምን…» ካሉ በኋላ ቆም ብለው መዝገቡን ጠጋ አድርገው ያያሉ። ይሄኔ ከኋላ የተቀመጠ አንድ ልጅ «ምን?» ብሎ ይመልሳል፤ ክፍሉም በሳቅ ያውካካል። ከዚያ ወዲህ በዕረፍት ሰዓት ጓደኞቿ «ምን!» እያሉ ይጠሯታል፤ ዞር ስትል «ምንም!» ብለው ይሮጣሉ።

ልጅ ከልጅ ጋር እንዲህ ይጫወታል፤ ያ ብቻ ቢሆን ያልፋል። እርሷን የከነከናት ግን ሌላ ነገር ነበር። በዚያ ሰሞን በአማርኛ ክፍለ ጊዜ ስለ ዓረፍተ ነገር ተምረዋል። «የሌሎቹ ስም ስም ነው፤ የእኔ ግን ዓረፍተ ነገር ነው፤ መጨረሻው ላይ የጥያቄ ምልክት ይገባል» አለችኝ። እኔም ጥያቄ ሳይሆን አድናቆት መሆኑን፣ «እንዴት ታምራለች» እንደ ማለት መሆኑን ነገርኳት። ትንሽ አሰብ አደረገችና «ታዲያ ማን ነው እንዲህ የሚለው?» አለች።

ለመጀመሪያው ጥያቄ መልስ ነበረኝ። ሁለተኛው ግን አብሮኝ ሰነበተ። ሥራ ቦታ፣ ታክሲ ውስጥ፣ ሌሊት እንቅልፍ ሲርቀኝ ጭምር ይመላለስብኝ ጀመር። ስም ስንሰማ ባለቤቱን እንጂ ተናጋሪውን ፈልገን አናውቅም። የእኛ አገር ስሞች ግን ብዙዎቹ አንድ ሰው፣ አንድ ቀን፣ አንድ ቤት ውስጥ የተናገራቸው ቃላት ናቸው።

በ«ምን» የሚጀምሩ ሰዎች

በ«ምን» የሚጀምር ስም ለእኛ እንግዳ አይደለም። ምንይችል አለ፣ ምንያህል አለ፣ ምናለ አለ፣ ምንተስኖት አለ፣ ምንውየለት አለ። ልብ ብዬ ሳስበው ከሞላ ጎደል ሁሉም የወንዶች ናቸው። ከእነዚህ ውስጥ እኔን ሁልጊዜ የሚገርመኝ ምንውየለት ነው። ወንድ ልጅ የተሰጠው ወላጅ ወደ ላይ አንጋጦ «ምን ውዬለት ነው ይህን ያደረገልኝ?» ሲል የወጣ ስም ነው። በስሙ ውስጥ ያለው «እኔ» ልጁ አይደለም፤ እናቱ ወይም አባቱ ናቸው። ሰውዬው ያድጋል፣ ይማራል፣ ያገባል፣ ይሸመግላል፤ በዚህ ሁሉ ዘመኑ የወላጁን ምስጋና በወላጁ አንደበት ተሸክሞ ይኖራል። ምንተስኖትም እንዲሁ ነው፤ የሚናገረው አንድ የተጨነቀ ሰው ነው፤ የሚናገርለት ደግሞ የማይሳነው አምላክ ነው። ልጁ በመካከል ምስክር ሆኖ ቆሟል።

የሴቶቹን ስሞች በዚሁ ዓይን ማየት ጀመርኩ። ከ«ውብ» የሚወለዱት ብዙ ናቸው፤ ውቢት፣ ውብነሽ፣ ውባለም፣ የውብዳር፣ ተዋበች። ውብነሽ ያለ ሰው ፊት ለፊት ለልጅቷ ነው የሚናገረው። ተዋበች የምትለዋ ስም ደግሞ ወሬ ነጋሪ ናት፤ የሆነውን ትናገራለች። የዐፄ ቴዎድሮስ ባለቤት፣ የራስ ዓሊ ልጅ፣ በዚህ ስም ትታወቃለች። ምንትዋብ ግን ከሁለቱም ትለያለች። «ትዋብ» ስለ ሦስተኛ ሰው የሚነገር ነው፤ እንዲህ የሚል ሰው ለልጅቷ ሳይሆን ስለ ልጅቷ ለሌላ ሰው ነው የሚናገረው። ስለዚህ በዚህ ስም ውስጥ ሕፃኗ ብቻ አይደለችም ያለችው። ከእርሷ ሌላ ሁለት ሰዎች አሉ፤ አንዱ ተናጋሪ፣ አንዱ ሰሚ።

ሌላም ነገር አለ። «ምን ትዋብ» ከ«እንዴት ታምራለች» ጋር በመልክ እንጂ በጠባይ አይገጥምም። የሚዛመደው ከ«ምን ታድርግ»፣ ከ«ምን ትበል»፣ ከ«ምን ትሁን» ጋር ነው። «ምን ታድርግ» መቼ ነው የምንለው? ሰው አንዲትን ሴት ሲወቅሳት ሰምተን አላስችል ሲለን ነው። ከዚህ በላይ ከእርሷ ምን ይጠበቃል፣ ተዋት፣ በቃት ማለታችን ነው። እኔ ስሙን የምሰማው በዚህ ዜማ ነው፤ ከዚህ ወዲያ ምን ትዋብ፣ ከዚህ ወዲያ ምን ጌጥ ትጨምር። በዚህ ከሄድን ተናጋሪው ያደነቀ ሰው ብቻ ሳይሆን ጥብቅና የቆመ ሰው ነው። ጥብቅና ደግሞ ያለ ከሳሽ አይቆምም።

እዚህ ላይ ስደርስ ስሙን ያወጣችውን ሰው ሄጄ ከመጠየቅ ሌላ መንገድ አልታየኝም።

አያቴ ቡና እየቆላች የነገረችኝ

አያቴ ጎንደር ተወልዳ፣ ጎንደር ተድራ፣ በእርጅናዋ እህቴ ቤት አዲስ አበባ የመጣች ሴት ናት። እኔንና እህቴን ያሳደገችን እርሷ ስለሆነች እማዬ እንላታለን። እሑድ ከቅዳሴ ስትመለስ ቡና የምትቆላው ራሷ ናት፤ ለሠራተኛም ለልጅም አትሰጥም። ብረት ምጣዱን ከሰሉ ላይ ጥዳ፣ ነጠላዋን ወደ ኋላ ጣል አድርጋ፣ ፍሬውን እያማሰለች ሳለ ጠየቅኋት።

«እማዬ፣ ያን ዕለት እውነት ቆንጆ ሆና ታይታሽ ነው?»

ልጅቷ ጊዜዋ ሳይደርስ ነበር የተወለደችው። ሆስፒታል በማሞቂያ ውስጥ ቆይታ ወደ ቤት ስትመጣ ቆዳዋ ከአጥንቷ ጋር ገና አልተስማማም ነበር። ፊቷ ተጨማዷል፤ ግንባሯ ላይ ስስ ጸጉር ተኝቷል፤ ጣቶቿ ከመቅጠናቸው የተነሣ ለመንካት ያስፈራሉ። ጠያቂ ገንፎውንና ቅቤውን ይዞ ይመጣል። «እንኳን ማርያም ማረችሽ» ይላል። ከዚያ ነጠላው ገለጥ ይደረግለታል፤ ያያል፤ ዝም ይላል።

አገሩን የሚያውቅ ሰው ሕፃን ሲያይ አፉን ሞልቶ ቆንጆ ናት አይልም። ዓይን ይፈራል። ካመለጠውም «እንትፍ እንትፍ» ብሎ፣ ማርያምን ጠርቶ ነው። ስለዚህ ዝምታው በራሱ ነውር አይደለም። ግን ዝምታና ዝምታ ይለያያል፤ አራስ ደግሞ ይህን የምትለይበት ጆሮ አላት። ልጇ ዓይን እንዳይገባት ተብሎ ዝም የሚባለውንና የሚባል ጠፍቶ ዝም የሚባለውን እህቴ ለየችው። አንዲት ጎረቤት ልታጽናና ብላ «አይዞሽ፣ ታድግ የለ?» አለች። ይሄኔ እህቴ ፊቷን ወደ ግድግዳ አዞረች።

አያቴ ይህን ስትነግረኝ እጇ አላረፈም። ቡናው መንጣጣት ጀምሯል፤ ጭሱን በእጇ ወደ እኔ ወደ እኔ ታደርገዋለች። «ሁሉም ሰው ተቀምጧል። እኔ ተነሣሁ። ልጅቷን ከእናቷ አጠገብ አነሣኋት፤ ወደ መስኮቱ ወስጄ በብርሃን አየኋት፤ ጮክ ብዬ ምን ትዋብ! አልኩ» አለች።

«ታዲያ ቆንጆ ነበረች?» አልኩ እንደገና።

«ቁንጅናዋን ማን አየ? እናቷ ታየኝ ነበር። እኔ ያየሁት የእናቷን ዓይን ነው። ያን ሰዓት ዝም ብል ከእነርሱ ጋር ዝም ማለቴ ነው።»

ምጣዱን አወረደች። እኔ ስኒ ማቅረብ ነበረብኝ፤ አላቀረብኩም። ለካ ስሙ ውስጥ ተናጋሪም፣ ሰሚም፣ ከሳሽም ነበሩ። ተናጋሪዋ እርሷ ናት። ሰሚዋ ወደ ግድግዳ የዞረችው እህቴ ናት። ከሳሹ ደግሞ ዝምታው ነው። ልጅቷ ስለ መልኳ ምንም ሳታውቅ፣ ዓይኗ ገና ብርሃኑን ሳይለምድ፣ ስለ እርሷ ክርክር ተደርጎ ተረትቶላታል።

ስምን መልአክ ያወጣዋል ይባላል። ልጅ ሆኜ ይህን ስሰማ መልአኩ ከላይ ወርዶ በጆሮ ሹክ የሚል ይመስለኝ ነበር። ዛሬ የማምነው መልአኩ የሚናገረው በዚያ ክፍል ውስጥ ካሉት ሰዎች በአንዱ አፍ መሆኑን ነው፤ ማንኛቸው ከመቀመጫቸው እንደሚነሡ ግን አስቀድሞ አይታወቅም።

እህቴ የሰማችው

ነገሩ በዚህ ቢያልቅ ደስ ባለኝ፤ ግን እህቴን ስጠይቃት ሌላ ነገር ነገረችኝ። ያን ዕለት የሰማችው አድናቆት አልነበረም። «ምን» የሚለውን ነው የሰማችው። «እንዲህ ሆና ምን ትዋብ ያለች መሰለኝ፤ ከሁሉም የከፋብኝ የእማዬ ነበር» አለች። ተናጋሪዋ ለእርሷ ብላ የተናገረችውን ሰሚዋ በተቃራኒው ነው የተቀበለችው። ስሙም በሁለቱም መንገድ ሊሰማ ይችላል፤ ሁሉም በድምፁ ይወሰናል። ድምፁ ደግሞ አይጻፍም።

አንዲት አክስታችን በበኩሏ በሌላ ምክንያት ተቆጥታ ነበር። ሰው በተሰበሰበበት እንዲህ ብሎ መጮህ ዓይን መጥራት ነው አለች። አያቴ «እንትፍ እንትፍ» ብላ አራሷን ካረጋጋች በኋላ «ለዓይኑማ የክርስትና ስም ይመጣላታል» ብላ መለሰች። ነገሩ ግን ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። ከዚያ ቀን ጀምሮ አያቴ ሕፃኗን ስታጥባት «ምንትዋብ»፣ ስታሻት «ምንትዋብ»፣ ስታስተኛት «ምንትዋብ» ነው። እህቴ ሌሎች ስሞች በወረቀት ጽፋ ነበር፤ አጫጭርና ለጆሮ የሚጥሙ፣ ዛሬ በየክፍሉ ሦስት አራት ልጅ የሚጠራባቸው። ወረቀቱ የትም አልደረሰም። በሌሊት ስታጠባ ከወዲያኛው ክፍል የአያቴን ድምፅ ደጋግማ እየሰማች፣ መቼ እንደሆነ ሳታውቀው፣ እርሷም በዚያው ዜማ መጥራት ጀመረች።

ቤተ ክርስቲያን ለሴት ልጅ 80ኛውን ቀን ትጠብቃለች፤ መንግሥት ደግሞ በወሳኝ ኩነት አዋጁ ልደት በ90 ቀን ውስጥ እንዲመዘገብ ያዛል። ስለዚህ አንዲት ልጅ በዐሥር ቀን ልዩነት ሁለት ስሟን በሁለት መዝገብ ልታስጽፍ ትችላለች። አንደኛው በካህኑ የሚነገር ነው። የክርስትና ስሟን እዚህ አልጽፈውም፤ አያቴ የክርስትና ስም ለማንም አይዘራም ብላ ነው ያሳደገችን። በጸሎት የሚነሣውም፣ በፍትሐት የሚጠራውም እርሱ ስለሆነ መደበቁ ጥበቃ ነው። ሁለተኛው ስም ለዓለም ነው፤ አደባባይ ይወጣል፣ ይጎሳቆላል፣ ይሳቅበታል። አያቴ አድናቆቷን የሰጠችው ለዚህ ለተጋለጠው ስም ነው። ያልተጠበቀውን በድፍረት አለበሰችው።

ልደቷ የተመዘገበበት ቢሮ ያለው ሠራተኛ ስሙን «ምንተዋብ» ብሎ ጻፈው። እህቴ እንዲያስተካክለው ስትነግረው ልዩነት እንደሌለው ነገራት፤ ቀጥሎም ልጅቷ ስታድግ እንዳትቸገር አጠር ያለ ነገር እንድትመርጥ መከራት። ያን ስም መጀመሪያ ስትሰማ ግድግዳ ያየችው እህቴ ከወንበሯ ተነሥታ «በሳድስ ነው የሚጻፈው፤ ምን፣ ትዋብ» ብላ ፊደል በፊደል አስጻፈችው። ይህንን ያጫወተችኝ እንደ ተራ ነገር ነው። እኔ ግን ስሙን ሁለተኛ ጊዜ ያወጣችው ያኔ ነው ብዬ አምናለሁ።

የቋራዋ ሴት

አያቴ ይህን ቃል ከአየር አልቀዳችውም። ጎንደር ላደገ ሰው ምንትዋብ ስትባል ቁስቋም ናት፤ ከከተማው ወጣ ብሎ ካለው ኮረብታ ላይ የቆመው ደብርና ቤተ መንግሥት። እቴጌ ምንትዋብ ከቋራ መምጣቷን፣ የዐፄ በካፋ ሚስት መሆኗን፣ ባሏ እ.ኤ.አ. በ1730 ሲሞት ከልጇ ከኢያሱ ጋር ዘውድ መጫኗን ሁሉም ያውቀዋል። እኔን አሁን የሳበኝ ስሞቿ ናቸው። በክርስትና ወለተ ጊዮርጊስ ናት። በዘውድ ብርሃን ሞገሳ ናት። ሁለቱም በግዕዝ የተሰጡ፣ ሥርዓት ያላቸው ስሞች ናቸው፤ አንዱን ካህን ይለዋል፣ አንዱን ቤተ መንግሥት ያውጃል። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ቢባልም ከሦስቱ የትኛው እንደሚውል የሚመርጠው ሕዝብ ነው። ሕዝቡ በአማርኛ የተነገረውን፣ ሰው በሰው ፊት ያለውን መረጠ።

ከዚህ ስም ጋር አንድ ሐዘን የሚቀላቀልበት ታሪክ አለ። የልጇ የዳግማዊ ኢያሱ ሚስት በታሪክ የምትታወቀው ውቢት በሚል ስም ነው፤ የወሎ ኦሮሞ ልጅ ናት። አማትና ምራት፣ ምንትዋብና ውቢት፣ ከአንድ ሥር የበቀለ ስም ይዘው በአንድ ግቢ ኖሩ። ኢያሱ እ.ኤ.አ. በ1755 ሲሞት ልጁ ኢዮአስ ገና ሕፃን ነበር። ለሕፃኑ ማን ሞግዚት ትሁንለት? ምንትዋብ አሁንም እኔ አለች፤ ውቢት ደግሞ አንቺ ለልጅሽ እንደሆንሽለት እኔም ለልጄ ልሁን አለች። የእናትነት ጥያቄ የጦር ጥያቄ ሆነ። ከኋላ የቋራ ሰዎችና የውቢት ዘመዶች ተሰለፉ፤ ራስ ሚካኤል ስሑል ከትግራይ ተጠርቶ መጣ፤ እ.ኤ.አ. በ1769 ወጣቱ ንጉሥ ኢዮአስ በእርሱ ትእዛዝ ተገደለ። ዘመነ መሳፍንት የሚቆጠረው ከዚያ ነው። ለሁለቱም ሴቶች አንድ ሰው ውበታቸውን መስክሮላቸዋል። ኢዮአስ ለአንዷ ልጇ፣ ለአንዷ የልጅ ልጇ ነበር።

ጣና ላይ፣ ከደቅ ደሴት አጠገብ፣ ምንትዋብ ያሠራችው ናርጋ ሥላሴ አለ። ከቤተ ክርስቲያኑ ሥዕሎች በአንዱ እመቤታችን ልጇን ታቅፋ ተቀምጣለች፤ እቴጌይቱ ደግሞ ከእግሯ ሥር በግንባሯ ወድቃ ትታያለች። ሥዕሉን ያሣለች ሴት ስሟ «ከዚህ ወዲያ ምን ትዋብ» ነው፤ ራሷን ያሣለችው ግን መሬት ላይ ነው። ስሙ የሌላ ሰው ቃል መሆኑን ካሰብኩ ወዲህ ይህ ሥዕል ይበልጥ ይገባኛል። እርሷ ስለ ራሷ እንዲህ አላለችም፤ የተባለላት ነው።

ስለ ራሷ ያለችውን የተወልን ስኮትላንዳዊው ተጓዥ ጄምስ ብሩስ ነው። ኢዮአስ ከተገደለ በዓመቱ ጎንደር ገብቶ ቁስቋም ከእርሷ ዘንድ ተቀምጧል። የዓባይን ምንጭ ለማየት መምጣቱን ሲነግራት የሰው ምኞት እንዴት እንደሚለያይ ተገርማ ነገረችው። አንተ በኢየሩሳሌም በኩል አልፈህ፣ ያን ሁሉ በረሃ ቆርጠህ፣ ተሸክመኸው የማትሄደውን ወንዝና ረግረግ ለማየት ትመጣለህ፤ እኔ የነገሥታት እናት፣ ከሠላሳ ዓመት በላይ በዙፋን የተቀመጥኩ ሴት፣ ቀንና ሌሊት የምመኘው ሁሉን ትቼ ኢየሩሳሌም ተወስጄ ለምኜ እየበላሁ መኖርና ከጌታ መቃብር ቤተ ክርስቲያን ደጅ በሚታይ መንገድ ላይ መቀበር ነው አለችው። ምኞቷ አልሆነላትም፤ እ.ኤ.አ. በ1773 ቁስቋም አረፈች።

በዚህ ንግግር ውስጥ ስለ መልኳ አንዲት ቃል የለችም። የነገሥታት እናት፣ ከሠላሳ ዓመት በላይ በዙፋን የተቀመጥኩ ሴት አለች፤ አበቃች። ስሙን ለልጅ ማውጣት የሚከብዳቸው ሰዎች አንዱ ምክንያታቸው መልክን የሚያወድስ መሆኑ ነው፤ ልጅቷ በመልኳ ብቻ እንዳትመዘን ይሰጋሉ። ስጋቱ ይገባኛል። ግን ይህን ስም ይዛ አገር ያስተዳደረች ሴት በስሟ አልታሰረችም፤ ሌሎች ስለ እርሷ ያሉትን ለሌሎች ትታ የራሷን ራሷ ተናግራለች። የእህቴም ልጅ ጊዜዋ ሲደርስ የራሷን ትናገራለች፤ እስከዚያው የአያቴ ምስክርነት ይበቃታል።

አያቴ በዚህ ዓመት መንገዱ ከተረጋጋ ለኅዳር 6፣ ለቁስቋም ክብረ በዓል፣ ልጅቷን ይዛ ጎንደር መሄድ ትፈልጋለች። እህቴ ትምህርቷ ይቋረጣል ትላለች። እኔ ከአያቴ ጋር ነኝ።